ገጹ የማን ልጅ ነው?

አንድ ቡድን የጋራ የዕውቀት ቋት ሲከፍት የመጀመሪያዎቹ ሳምንታት ያስደስታሉ። ሁሉም የሚያውቀውን ይጽፋል፤ ገጾቹ ጥቂት ስለሆኑ የት እንዳሉ የማያውቅ የለም። ሁለት መቶ፣ ሦስት መቶ ሲደርሱ ግን ነገሩ ይለወጣል። «የግዥ መጠየቂያው ፎርም የት ነው ያለው?» የሚለው ጥያቄ በቴሌግራም ግሩፕ ላይ ብቅ ይላል። የሚያውቅ ሰው ሊንኩን ይልካል። በሳምንቱ ሌላ ሰው ያንኑ ይጠይቃል። መልሱ ከተጻፈ ቆይቷል፤ ፈላጊው በሚሄድበት መንገድ ላይ ግን አልተቀመጠም።

የገጾች ተዋረድ፣ ማለትም የትኛው ገጽ በየትኛው ሥር ይሁን የሚለው ጉዳይ፣ ጊዜ ሲተርፍ የሚሠራ ተደርጎ ይታያል። እኔ ግን ከጽሑፉ ጥራት እኩል የሚመዘን ሥራ ነው እላለሁ። በደንብ ተጽፎ የማይገኝ ገጽ ካልተጻፈ ገጽ የሚለየው የጸሐፊውን ጊዜ በመብላቱ ብቻ ነው። የተዋረድ መለኪያውም አንድ ነው፤ ሥራው ምን እንደሚባል ገና የማያውቅ ሰው መጀመሪያ በሚሄድበት ቦታ ገጹን ያገኘዋል ወይ?

ዛሬ ኮንፍሉዌንስንና ኖሽንን የመሰለ የዕውቀት ቋት መሣሪያ የሚጠቀም ሰው ገጾች በግራ በኩል እንደ ቤተሰብ ሐረግ ተዘርግተው ስለሚያይ ነገሩ ከጥንቱ እንዲህ የነበረ ይመስለዋል። አልነበረም። አሜሪካዊው ፕሮግራመር ዋርድ ከኒንግሃም እ.ኤ.አ. በ1995 የመጀመሪያውን ዊኪ ሲከፍት ገጾቹ ወላጅም ልጅም አልነበራቸውም። ሁሉም በአንድ ረድፍ ላይ ነበሩ፤ የሚያገናኛቸው በጽሑፉ ውስጥ ያለው ሊንክ ብቻ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2001 የተጀመረው ዊኪፒዲያ ደግሞ በመጀመሪያው ዘመኑ አንዱን መጣጥፍ በሌላው ሥር በሕዝባር (/) እየለየ የማስቀመጥ ልማድ ነበረው። ብዙም ሳይቆይ ተወው። ምክንያቱን ለመረዳት የዓድዋን ጦርነት ማሰብ ይበቃል። ከኢትዮጵያ ታሪክ ሥር ይግባ፣ ከጣሊያን ታሪክ ሥር ወይስ ከአፍሪካ የቅኝ ግዛት ታሪክ? አንድ ወላጅ ብቻ ምረጡ ሲባል ሁሉም ምርጫ ስህተት ይሆናል። እ.ኤ.አ. በ2004 ምድብ የሚባለው አሠራር ሲመጣ አንድ መጣጥፍ በብዙ ምድቦች ውስጥ በአንድ ጊዜ መገኘት ቻለ። በዚያው ዓመት የአውስትራሊያው አትላሲያን ኩባንያ ኮንፍሉዌንስን ለገበያ አቀረበ፤ ገጾችን በወላጅና በልጅ የማደራጀት አሠራርም በሥራ ቡድኖች ዘንድ ከተለመደባቸው ዋና ዋና መሣሪያዎች አንዱ እሱ ሆነ።

ዓለም የሚጠቀምበት ኢንሳይክሎፒዲያ የተወውን ተዋረድ ቡድኖች ለምን ያዙት? መልሱ ራሱ ዊኪፒዲያ ውስጥ አለ። መጣጥፎቹ ንዑስ ገጽ የላቸውም፤ አርታኢዎቹ የሚሠሩባቸው የውስጥ ገጾች፣ ማለትም የውይይት፣ የተጠቃሚና የፕሮጀክት ገጾች ግን እስከ ዛሬ ንዑስ ገጽ ይፈቅዳሉ። አንባቢ ስለ ዓድዋ ማወቅ ሲፈልግ «ዓድዋ» ብሎ ይጽፋል፤ የሚፈልገውን ነገር ስም ያውቀዋል። አዲስ የተቀጠረ የሒሳብ ሠራተኛ ግን ከአቅራቢ ክፍያ ላይ ዊዝሆልዲንግ የሚባለውን ቅድመ ግብር መቀነስ እንዳለበት ካልሰማ «ዊዝሆልዲንግ» ብሎ ሊፈልግ አይችልም። «ለአቅራቢ መክፈል» የሚለውን ገጽ ከፍቶ ከሥሩ «የዊዝሆልዲንግ ደረሰኝ አቆራረጥ» የሚል ልጅ ገጽ ሲያይ ግን መጠየቅ ያልቻለውን ነገር ያገኛል። ፍለጋ የሚመልሰው የጠየቁትን ብቻ ነው። ተዋረድ መኖሩን የማታውቀውን ያሳይሃል።

እንግዲህ ከባዱ ጥያቄ ዛፉ በምን ይከፈል የሚለው ነው። አብዛኛው መሥሪያ ቤት ሳያስብ የሚመርጠው መልስ የድርጅቱን መዋቅር ነው። ፋይናንስ፣ ግዥ፣ የሰው ሀብት፣ ንብረት ክፍል፣ አይቲ፤ ለእያንዳንዱ አንድ ዋና ገጽ፣ ከዚያ እያንዳንዱ ክፍል የራሱን ከሥሩ ያስገባል። ሜልቪን ኮንዌይ የተባለ የኮምፒውተር ባለሙያ እ.ኤ.አ. በ1968 ባሳተመው ጽሑፍ ድርጅቶች የሚነድፉት ሥርዓት የራሳቸውን የግንኙነት መዋቅር መልሶ ማሳየቱ እንደማይቀር ተከራክሮ ነበር። የዕውቀት ቋትም ከዚህ አያመልጥም። ምቾቱ ለጸሐፊው ነው፤ ገጹን የት እንደሚያስቀምጥ ለማወቅ የት እንደሚሠራ ማወቅ ይበቃዋል። ፈላጊው ግን ችግሩ በየትኛው ክፍል ሥር እንደሚወድቅ አያውቅም፤ እንዲያውም ብዙ ጊዜ የሚፈልገው ይህንኑ ነው።

አንድ ላፕቶፕ የመግዛትን ነገር ተከትለን እንየው። ጠያቂው ክፍል የግዥ መጠየቂያ ይሞላል፤ ኃላፊ ይፈርማል። ግዥ ክፍል ፕሮፎርማ ሰብስቦ ያወዳድራል። ዕቃው ሲመጣ ንብረት ክፍል በሞዴል 19 ገቢ ያደርገዋል። ፋይናንስ የሞዴል 19ኙን ኮፒና የአቅራቢውን ደረሰኝ አይቶ ይከፍላል። በመጨረሻ ላፕቶፑ በሞዴል 22 ወጪ ሆኖ ለሠራተኛው ይሰጣል። በመዋቅር በተከፈለ ዛፍ ላይ ይህ አንድ ሥራ ለአራት ተቆራርጦ ተበትኗል፤ የፕሮፎርማው መመሪያ ግዥ ሥር፣ ሞዴሎቹ ንብረት ሥር፣ የክፍያ ማዘዣው ፋይናንስ ሥር፣ መጠየቂያው ፎርም ደግሞ በየክፍሉ። ሠራተኛው አንዱን ገጽ ቢያገኝ እንኳ ቀጥሎ ወዴት እንደሚሄድ የሚነግረው የለም። ሞዴል 19 ሳይቆረጥ ክፍያ ይጠይቃል፤ ፋይናንስ ይመልሰዋል፤ አቅራቢው ይደውላል፤ ሁሉም ይበሳጫል።

አሁን ዛፉን በሥራው እንክፈለው። «ዕቃ መግዛት» የሚል አንድ ወላጅ ገጽ ይኖራል። ከሥሩ በቅደም ተከተል «መጠየቅ»፣ «ፕሮፎርማ መሰብሰብና ማወዳደር»፣ «ዕቃውን መረከብና ሞዴል 19 መቁረጥ»፣ «ለአቅራቢው መክፈል»፣ «በሞዴል 22 ወጪ ማድረግ» የሚሉ አምስት ልጆች ይቀመጣሉ። ሞዴል 19 ከክፍያ በፊት እንደሚቀድም ለማወቅ ገጾቹን ማንበብ እንኳ አያስፈልግም፤ ቅደም ተከተላቸው ራሱ ይናገራል። እያንዳንዱን ገጽ የሚጽፈውና የሚያድሰው ያው የሚመለከተው ክፍል ነው። ገጹን የሚጠብቀው ክፍልና ገጹ የሚቀመጥበት ቦታ ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ሁለቱን ማምታታት፣ እኔ እንደማየው፣ የአብዛኛው የተዝረከረከ ቋት የችግር ሥር ነው።

መዋቅርን መሠረት ያደረገ ዛፍ ሌላም ጣጣ አለው። መዋቅር ይለወጣል። በአገራችን መሥሪያ ቤት የሠራ ሰው ሁሉ ያውቀዋል፤ አዲስ መዋቅር ሲሠራ ሁለት ክፍል ይዋሃዳል፣ አንዱ ለሁለት ይከፈላል፣ የሌላው ስም ይቀየራል። ዕቃ የመግዛቱ ሥራ ግን ያው ነው። በሥራ የተከፈለ ዛፍ መዋቅር በተለወጠ ቁጥር አይናጋም።

ይህ ማለት የክፍል ገጾች ይጥፉ ማለት አይደለም። ፋይናንስ ወሩን እንዴት እንደሚዘጋ፣ አይቲ ሰርቨሩን መቼ ባክአፕ እንደሚያደርግ የሚገልጹ ገጾች ከክፍሉ ውጭ የሚፈልጋቸው የለም፤ እዚያው በክፍሉ ሥር ይቀመጡ። ጥያቄው ገጹ ለማን ተጻፈ የሚለው ነው። ለራስ ባልደረቦች ከሆነ በክፍሉ፣ ለሌላው ሠራተኛ ከሆነ በሥራው ይቀመጥ።

አሜሪካዊው ምሁር ኸርበርት ሳይመን እ.ኤ.አ. በ1962 ስለ ውስብስብ ሥርዓቶች ባሳተመው ዝነኛ ጽሑፍ ያነሳው ሐሳብም እዚህ ይጠቅማል። በተዋረድ በተሠሩ ነገሮች ዘንድ በአንድ ቅርንጫፍ ውስጥ ያሉ ክፍሎች እርስ በርስ በጥብቅ ይገናኛሉ፣ በቅርንጫፎች መካከል ያለው ግንኙነት ደግሞ የላላ ነው ይላል። ወደ እኛ ጉዳይ ሲመለስ፣ አብረው የሚለወጡ ገጾች አብረው ይቀመጡ ማለት ነው። የአሠሪና ሠራተኛ ሕግ ሲሻሻል የዓመት ፈቃድ፣ የሕመም ፈቃድ፣ የወሊድ ፈቃድና የቅጥር ውል ገጾች በአንድ ሳምንት ውስጥ መታየት አለባቸው። አንድ ወላጅ ሥር ካሉ አንድ ሰው በአንድ ቁጭታ ይጨርሳቸዋል። ሦስት ቦታ ከተበተኑ አንዱ ይረሳል።

የሚረሳው ገጽ ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ ቅጂው ነው። በወረቀት ዘመን አንድ ደብዳቤ በአንድ ፋይል ውስጥ ብቻ ስለሚገባ፣ ጉዳዩ ሦስት ክፍሎችን ሲነካ ከግርጌው «ግልባጭ» ተብሎ ይጻፍና ሦስት ወረቀት ይላካል። ደብዳቤ ከተፈረመ በኋላ ስለማይለወጥ ግልባጩ አይጎዳም። የዕውቀት ቋት ገጽ ግን ይለወጣል። በአዋጅ ቁጥር 377/1996 የመጀመሪያው ዓመት የዓመት ፈቃድ 14 የሥራ ቀን ነበር፤ በአዋጅ ቁጥር 1156/2011 ደግሞ 16 የሥራ ቀን ሆነ። እንበል የሰው ሀብት ክፍል ገጹን አስተካከለ። የፕሮጀክት ቡድኑ ግን ለራሱ አመቺ እንዲሆን ገጹን ቀድሞ ቀድቶ ወደ ቅርንጫፉ ወስዶት ነበር፤ እዚያ 14 ተብሎ ቀርቷል። ሠራተኛው የሚያነበው የትኛውን ነው? መጀመሪያ ያገኘውን። ክርክሩም ከቅርብ ኃላፊው ጋር ይጀመራል፤ ሁለቱም ስክሪናቸውን እያሳዩ፣ ሁለቱም የድርጅቱን ገጽ እየጠቀሱ።

መፍትሔው ከድሮም የሚታወቅ ነው። ያሁ እ.ኤ.አ. በ1994 በጄሪ ያንግና በዴቪድ ፋይሎ ሲጀመር በተዋረድ የተዘጋጀ የድረ ገጾች ማውጫ ነበር። አንድ ርዕስ በሁለት ቅርንጫፍ መታየት ሲኖርበት ማውጫው አይደግመውም ነበር፤ በአንዱ ቦታ በእውነት ይኖር፣ በሌላው ደግሞ ስሙ ከኋላው የ«@» ምልክት ተደርጎበት ይታይ ነበር። ምልክቱ ላይ የጫነ ሰው ወደ ዋናው ቤት ይወሰድ ነበር። ለቡድን ቋትም ከዚህ የተሻለ ሕግ አላውቅም፤ ለእያንዳንዱ ገጽ አንድ ቤት፣ በተፈለገበት ቦታ ሁሉ ሊንክ። በብዙዎቹ መሣሪያዎች ላይ ሌበል ወይም ታግ መለጠፍም ይቻላል፤ ለምሳሌ «ለአዲስ ሠራተኛ» የሚል ሌበል ከየቅርንጫፉ የተመረጡ ገጾችን ከቤታቸው ሳያነቅል በአንድ ዝርዝር ያሳያል።

ዛፉ ምን ያህል ጥልቅ ይሁን? ብዙ ሰው በአንድ ደረጃ ከሰባት በላይ ነገር አይደርደር የሚል ምክር ሰምቷል። መነሻው ጆርጅ ሚለር እ.ኤ.አ. በ1956 ያሳተመው የሥነ ልቦና ጽሑፍ ነው፤ ጽሑፉ ግን የሚናገረው ሰው ባጭር ጊዜ አእምሮው ውስጥ ስለሚይዘው ነገር እንጂ በዓይኑ ስለሚያየው ዝርዝር አይደለም። ተመራማሪዎቹ ኬቨን ላርሰንና ሜሪ ቸርዊንስኪ እ.ኤ.አ. በ1998 ለ512 ገጾች የተለያዩ አደረጃጀቶችን አወዳድረው ነበር። ሦስት ደረጃ ሆኖ በየደረጃው 8 ምርጫ ያለው አደረጃጀት፣ ሁለት ደረጃ ብቻ ሆኖ 16 እና 32 ምርጫ ካላቸው ይልቅ ፈላጊውን አዘገየው። እያንዳንዱ ደረጃ አንድ ውሳኔ ነው፤ በእያንዳንዱ ውሳኔ ላይ መሳሳት አለ። ስለዚህ ሁለት ልጅ ብቻ ያለው ወላጅ፣ ከሥሩም አንድ ልጅ ብቻ ያለው ሌላ ወላጅ ስታዩ አፍርሱት። ከሦስት ወይም ከአራት ደረጃ በታች የሚወርድ ገጽ ካለ ምክንያት ይጠየቅ።

ወላጅ ገጽ ባዶ መሆን የለበትም። ርዕስ ብቻ ያለው «ፋይናንስ» የሚል ነጭ ገጽ ከፍቶ የሚመለስ ሰው ሁለተኛ አይመጣም። ሦስት አራት መስመር ይበቃል፤ እዚህ ሥር ምን አለ፣ ለማን ነው፣ ከየትኛው ገጽ ይጀመር፣ የሚጠብቀው ማን ነው።

ከቦታ ጋር የሚወረስም ነገር አለ። በኮንፍሉዌንስ ላይ ወላጅ ገጹን ማየት የተከለከለ ሰው ልጆቹንም ማየት አይችልም። የዓመት ፈቃድ መጠየቂያው በስህተት «ደመወዝና ጥቅማ ጥቅም» በሚል ዝግ ገጽ ሥር ከገባ ለመላው ሠራተኛ ይሰወራል፤ ያስገባው ሰው ግን እሱ ስለሚያየው ምንም አይጠረጥርም። ገጽ ከማዛወር በፊት የአዲሱን ወላጅ የማየት ፈቃድ ማረጋገጥ ግዴታ ነው።

በአማርኛ ለሚሠራ ቡድን ተዋረድ ከሌላው ይበልጥ የሚያስፈልግበት ምክንያት አለ። ፍለጋው ደካማ ነው። «የዓመት ፈቃድ» ብሎ የጻፈውን ገጽ ሌላው «የአመት ፍቃድ» ብሎ ይፈልገዋል፤ «ደመወዝ» የተባለውን «ደሞዝ» ብሎ፣ «ሥራ» የተባለውን «ስራ» ብሎ። አንባቢ ልዩነቱን ሳያስተውል ያልፋል፤ ሞክሼ ፊደላትን አንድ አድርጎ እንዲያነብ ያልተሠራ የፍለጋ ፕሮግራም ግን የተለያዩ ቃላት አድርጎ ይወስዳቸዋል። በዚያ ላይ ቃሎቻችን ከፊትም ከኋላም ይቀጠልባቸዋል፤ «ፈቃድ»፣ «ለፈቃድ»፣ «የፈቃዱ»፣ «ፈቃዳችን» ለሰው አንድ ሲሆኑ ለብዙው ፍለጋ አራት ናቸው። ስለዚህ ርዕሶች የሚጻፉበትን ሆሄ ቡድኑ ይወስን፤ በገጹ መጀመሪያ ላይም ሌሎቹ አጻጻፎች በአንድ መስመር ይግቡ። ፍለጋው ሲከሽፍ ደግሞ ሰው በእጁ እየከፈተ የሚደርስበት ዛፍ ይኑር።

የቀን አጻጻፍም እንዲሁ። ቃለ ጉባኤዎችን በወር ስም የሰየመ ቡድን መሣሪያው በፊደል ሲደረድርለት መስከረምን መጋቢት ተከትሎት ያገኛል። «ሀምሌ» እና «ሐምሌ» በሁለት አጻጻፍ ከገቡ ደግሞ አንዱ ወር ሁለት ቦታ ይወድቃል። «2018-01 ቃለ ጉባኤ» ተብሎ ዓመቱና የወሩ ቁጥር ከፊት ቢቀድም ይህ ሁሉ ይቀራል። ግን የየትኛው አቆጣጠር 2018? ከውጭ ለጋሽ ጋር በሚሠራ ድርጅት፣ ወይም ግማሹ ቡድን በዋሽንግተን ግማሹ በአዲስ አበባ በሆነበት ቦታ፣ «የ2018 ዕቅድ» የሚለው ርዕስ የኢትዮጵያን 2018 ነው ወይስ ሰባት ስምንት ዓመት የሚቀድመውን የፈረንጆቹን 2018 ብሎ ያስጠይቃል። «ዓ.ም.» ወይም «እ.ኤ.አ.» የሚለው ርዕሱ ላይ ይቀመጥ። ርዕስ በፍለጋ ውጤት ላይ ከዛፉ ተነጥሎ ነው የሚታየው፤ ብቻውን ሊገባ ይገባዋል። «መግቢያ» የሚሉ ስድስት ገጾች ማንንም አያስገቡም።

አንዴ የተሠራ ዛፍ እንደነበረ አይቆይም፤ መቆየትም የለበትም። ሜልቪል ዴዊ እ.ኤ.አ. በ1876 ባሳተመው የቤተ መጻሕፍት አመዳደብ ለሃይማኖት ከ200 እስከ 299 ያለውን ቁጥር ሰጠ፤ ከ220 እስከ 289 ያለው ለመጽሐፍ ቅዱስና ለክርስትና ሆነ፤ እስልምናን ጨምሮ የቀሩት የዓለም ሃይማኖቶች በ290ዎቹ ውስጥ ተጨናነቁ። መጻሕፍቱ ላይ ቁጥሩ ተለጥፎ፣ መደርደሪያው ሞልቶ ስለነበር ያንን ክፍፍል መለወጥ ለሚከተሉት ትውልዶች ከባድ ሆነ። ቡድን ግን ይህ ዕዳ የለበትም። ኮንፍሉዌንስና ኖሽን ገጹን በውስጥ መለያው ስለሚያውቁት ቦታውን ስትቀይሩ በውስጥ የተቀመጡት ሊንኮች አይሰበሩም። አድራሻው በፎልደር ስም በሚገነባበት ሥርዓት ላይ ግን ነገሩ ሌላ ነው። የዌብ ፈጣሪው ቲም በርነርስ ሊ እ.ኤ.አ. በ1998 የገጽ አድራሻ ውስጥ ርዕሰ ጉዳይን፣ የጸሐፊ ስምንና የገጹን ሁኔታ (ለምሳሌ ረቂቅ መሆኑን) ከማስገባት ተቆጠቡ ብሎ የመከረው ሦስቱም ስለሚለወጡ ነው። እንዲህ ያለ ሥርዓት የምትጠቀሙ ከሆነ ገጽ ስታዛውሩ ከአሮጌው አድራሻ ወደ አዲሱ የሚመራ ሪዳይሬክት አስቀምጡ።

ያረጀ ገጽ ደግሞ ከሕያዋኑ መካከል ይውጣ። ከሁሉም በታች «ማኅደር» የሚል ቅርንጫፍ ይኑርና ወደዚያ ይዛወር፤ አይሰረዝ፣ አንድ ቀን ኦዲተር ይጠይቀዋል።

ይህን ሁሉ ከመጀመራችሁ በፊት አንድ ነገር አድርጉ። በቅርብ የተቀጠረውን ባልደረባችሁን ጠርታችሁ ሦስት ሥራ ስጡት፤ ላፕቶፕ እንዲገዛለት የሚጠይቅበትን፣ የዓመት ፈቃዱ ስንት ቀን እንደሆነ የሚያይበትን፣ የውሎ አበል የሚያወራርድበትን ገጽ በፍለጋ ሳይሆን ዛፉን እየከፈተ ይፈልግ። አትምሩት፣ አታርሙት። መጀመሪያ የትኛው ላይ እንደጫነ ብቻ ጻፉ። ገጹ እዚያ ከሌለ፣ የተሳሳተው እሱ አይደለምና ገጹን እሱ ወደሄደበት ቦታ አዛውሩት።